የእመት ወለላ እንቁላል

ሰፈፍ በሸተተኝ ቁጥር ዶሮ ትዝ ትለኛለች። ይኼን ስናገር የሚሰማኝ ሁሉ ይስቅብኛል። እኔም አብሬ እስቃለሁ፤ ያኔ ግን ነገሩ የሚያስቅ አልነበረም።

ባለፈው ሳምንት ኮልፌ ገበያ ወጥቼ ነበር። የታክሲ ረዳቶቹ «አየር ጤና! አየር ጤና! ሁለት ሰው የሞላ!» እያሉ ጆሮዬን ሲበጥሱት፣ ከአንዲት ሴት መደብ ያ ሽታ መጣና እግሬን ያዘኝ። ማሩ ከተጨመቀ በኋላ የሚቀረው፣ ሰሙ ገና ያልጠራ፣ ቡናማ የሰፈፍ ድፍን ነው። ጭስ ጭስ፣ ማር ማር፣ ትንሽም የሰው ላብ ላብ ይላል። «እማማ፣ ይውሰዱ፤ ጥሩ ሰም ይወጣዋል» አለችኝ ሴትዮዋ። የእኔ ዓይን ግን የሄደው ከጎኗ እግሯን ታስራ ወደተጋደመችው ቀይ ዶሮ ነው። ሁለቱን ጎን ለጎን ሳይ እዚያው መደቡ ጫፍ ላይ ተቀመጥኩ።

እንግዲህ የዚያን መኸር ነገር ልንገራችሁ።

ስድስት ዓመቴ ነበር። ጣሊያን ከገባ ሁለተኛው ዓመት ይመስለኛል። ኮልፌ ያኔ እንዲህ ቤት በቤት ላይ የተደረበበት ሰፈር አልነበረም፤ የገብስ ማሳ፣ ባሕር ዛፍና ጭቃ ነበር። የምኖረው ከአባቴ አክስት ከእማማ ጫልቱ ጋር ነው። እናቴን አላውቃትም። አባቴን አውቀዋለሁ፤ ጢሙ ይዋጋል፣ ሲስቅ ደግሞ ትከሻው ነው የሚስቀው። ክረምቱ ሊገባ ሲል አንድ ቀን ከእንቅልፌ ስነሳ አጣሁት።

«የት ሄደ?» ብዬ እማማ ጫልቱን ጠየቅኳቸው።

«አንድ የንብ መንጋ አምልጦ ወደ መናገሻ ጫካ ገባ። እሱን ሊመልስ ተከትሎ ሄደ።»

«መቼ ይመጣል?»

«መንጋው ሲሞላ።»

አመንኳቸው። ለምን አላምንም? እማማ ጫልቱ ባለ ንብ ነበሩ። ባላቸው ሲሞቱ ቀፎውን ተረከቡ፤ «የወንድ ሥራ ነው» ያላቸውን ሁሉ ማር አብልተው ዝም አሰኙት። ከቤታችን ጀርባ፣ ከጣሪያው ጥላ ሥር፣ ሰባት ቀፎ በእንጨት ርብራብ ላይ ተጋድሞ ነበር፤ በሸምበቆ የተሠራ፣ በእበት የተለሰነ፣ ከፊቱ ጣት የምታህል የንብ መግቢያ፣ ከኋላው የሚከፈት ክዳን ያለው። ስድስቱ ቀኑን ሙሉ ይተማሉ። ጥግ ያለው ሰባተኛው ዝም ነው።

«ይኼኛው ለምን አይተምም?»

«የእመት ወለላ ቤት ነዋ» አሉኝ። «ባለቤቷ እቤት ሳለች ማን ይጮሃል?»

እመት ወለላን በኛ ሰፈር የማያውቃት አልነበረም። መልኳን ያየ ግን የለም። የንቦች ሁሉ እናት ናት ይላሉ፤ አንዳንዱ የጤፍ ፍሬ ታህላለች ይላል፣ አንዳንዱ ሰማዩን ታክላለች ይላል። እማማ ጫልቱ ሲያወሩኝ፣ በመጀመሪያ ንቦች ለየብቻቸው ነበር የሚኖሩት፤ አንዷ ሌላዋን ስትሰርቅ፣ ክረምት ሲመጣ ሁሉም በየጉድጓዱ ሲያልቅ። እመት ወለላ መጣችና ከእያንዳንዷ አንዳንድ ጠብታ ላብ ለመነች። ሰም ማለት ያ ላብ ነው። ከሁሉም ላብ አንድ ቤት ሠራች፤ «በዚህ ቤት ቂም የሸተተኝ ቀን ግን እወጣለሁ» አለች። ስለዚህ ቂም አትወድም። ሥራ ላይ ሰው ሲጎድልም ትቆጥራለች።

ቄሱ እማማ ጫልቱን መንገድ ላይ ሲያገኟቸው «አንቺ ሴትዮ፣ ዛሬም ዝንብ ታመልኪያለሽ?» ይሏቸው ነበር።

«ኧረ አባቴ፣ የማመልከውስ እርሱን ነው» ብለው ያማትባሉ። «እሷ ጎረቤቴ ናት። ጎረቤት ሰላም አይባልም?»

ቄሱም ለጧፍ የሚሆን ሰም ተቀብለው ይሄዳሉ።

ደቦ ሲወጣ ሥርዓቱ እንዲህ ነው። አጨዳ ከመጀመሩ በፊት ሰው ሁሉ ማጭዱን ይዞ ከሰባተኛው ቀፎ ፊት ይቆማል። እማማ ጫልቱ የየቤቱን ስም ይጠራሉ። «የብዙነሽ ቤት!» ሲሉ፣ «አለን፣ እመት!» ይባላል። የቀረ ካለ ለምን እንደቀረ ይነገራታል። የተጣላ ካለ ደግሞ ሳይታረቅ ማሳ አይገባም። የበደለው ሰው እጁን ከቀፎ አፍ ላይ ያኖራል፣ ንብ ይነድፈዋል፤ መንደፊያውን በጥፍሩ የሚነቅልለት ያ የተበደለው ሰው ነው። ሲነቀል ጠቡ አለቀ። ጎረቤታችን እትዬ ብዙነሽ ምላሷ ስለሚቆርጥ በዓመት ሦስቴ ትነደፍ ነበር። «እኔን እኮ ንቡ በስሜ ነው የሚያውቀኝ» ትላለች።

ያን ዓመት የማይጠራ አንድ ቤት ነበር፤ የጋሼ ዘነበ ቤት።

ጋሼ ዘነበ የሚኖረው ከአጥራችን ማዶ ነው። ያደገው ግን በእማማ ጫልቱ ቤት ነው፣ እንደ ልጅ። ቀፎ መሥራቱን፣ ጭስ አያያዙን፣ ንብ ሳያስቆጡ እጅ ማስገባቱን ያስተማሩት ባላቸው ናቸው። ከጦርነቱ በፊት ከአንድ ጣሊያን ግንበኛ ጋር ሲሠራ ቋንቋውን ለምዶ ኖሮ፣ ጣሊያን ሲገባ ከበላያችን ባለው ምሽግ አስተርጓሚ ሆነ። ባርኔጣ ባደረገበት ቀን እማማ ጫልቱ አጥሩ ጋ ቆመው ጠበቁት።

«እጅህን ለቀፎው ስጥና ግባ» አሉት።

«ምን በድዬ? ሁላችሁንም የሚያስጨርስ ሰው ከሚተረጉም እኔ ብተረጉም አይሻልም?»

«እጅህን ስጥና ግባ።»

አልሰጠም። ከዚያ ወዲያ በደቦ ጥሪ ላይ የሱ ቤት ተራ ሲደርስ፣ እማማ ጫልቱ አንዲት ትንፋሽ ያህል ዝም ይሉና ያልፉታል። ያቺ ዝምታ ከስድብ ትከፋ ነበር። ሚስቱ እትዬ አስካለ ከአጥሩ ማዶ ሆና ትሰማታለች። ከሷ ቤት እሳት የሚጭር አልነበረም፤ በበዓል ቀን እንኳን አደረሰሽ የሚላት አልነበረም። በአጥሩ ቀዳዳ እየሾለክሁ የምሄድ እኔ ብቻ ነበርኩ። ዶሮ ነበረቻት፤ ልጅ ግን አልነበራትም።

ማር ተቆርጦ ካለቀ በኋላ፣ ጥቅምት ላይ፣ ሴቶቹ በእኛ ቤት የሰም ደቦ ጀመሩ። ሰፈፉ በድስት ይቀልጣል፣ በጨርቅ ይጠለላል፣ በቅል ስባሪ ፈስሶ ድፍን ይሆናል። በየዓመቱ ያለ ሥራ ነው። ያን ዓመት ግን በሩ ይዘጋ ነበር። ዘፈን የለም፤ ሐሜት እንኳ በሹክሹክታ ሆነ። እኔን ደጅ ያስቀምጡኝና፣ «ከላይ ባርኔጣ ወይም ጠመንጃ ስታዪ፣ ‹ንቡ ወጣ!› ብለሽ ጩኺ» ይሉኛል።

«ለምን?»

«እመት ወለላ ዓይነ አፋር ናት» አሉ እማማ ጫልቱ። «ሰም ሲቀልጥ እንግዳ እንዲያያት አትወድም።»

ተቀምጬ ዳገቱን እጠብቃለሁ። ሽታው በበሩ ሥር እየወጣ እግሬን ያሞቀኛል። አንድ ቀን ግን አላስቻለኝም፤ ዓይኔን ከበሩ ስንጥቅ ላይ አደረግኩ። እማማ ጫልቱ ከእህል ከረጢት ውስጥ ትንንሽ ወርቅማ ነገሮች እያወጡ፣ ገና ባልደረቀው ሰም ውስጥ ይተክላሉ። ጣቴን ያህላሉ፣ ጫፋቸው ሾጠጥ ያለ ነው፣ ያብረቀርቃሉ። እትዬ ብዙነሽ ከላያቸው ሌላ ሰም ታፈስባቸዋለች። ድፍኑ ሲደርቅ እማማ ጫልቱ በነጠላቸው ሸፍነው ወደ ጓሮ ወሰዱትና ሰባተኛው ቀፎ ውስጥ አስገቡት።

ጥይት የሚባል ነገር መኖሩን አውቃለሁ። ግን «ዛሬ ጥይት ተሰማ» ነው የሚባለውና፣ ለእኔ ጥይት ድምፅ ነበር። አባቴ ዝናር ነበረው፤ ከፍቶ አሳይቶኝ አያውቅም። ስለዚህ ያየሁትን በገባኝ መንገድ ተረዳሁት። ወርቅ የመሰለ፣ በሰም የሚሸፈን፣ ከቤቷ የሚቀመጥ፣ በር ተዘግቶ የሚሠራ፤ የእመት ወለላ እንቁላል ካልሆነ ሌላ ምን ይሆናል?

ቀጥሎ አባቴ መጣብኝ። መንጋው ሲሞላ ይመጣል ተብሏል። እንቁላሉ ግን በሰም ተለብጦ፣ ንብ በሌለበት ቀፎ፣ ብርድ ላይ ተቀምጧል። ማን ሊታቀፈው ነው? «እነዚህ ሴቶች ምን ነካቸው?» አልኩ በልቤ።

በማግስቱ ድስቱን ሊያጥቡ ሲወጡ ከከረጢቱ አንድ ወሰድኩ። በቀሚሴ ጫፍ ቋጠርኩት። ከመጠኑ በላይ ከበደኝ፤ ውስጡ ያለው በደንብ ጠንክሯል ብዬ ደስ አለኝ።

የእትዬ አስካለ ቀይ ዶሮ ያን ሰሞን እንቁላል ታቅፋ፣ ጭድ በተነጠፈበት ቅርጫት ውስጥ ተቀምጣ ነበር።

«እትዬ፣ ዶሮ የራሷ ያልሆነ እንቁላል ትታቀፋለች?»

«የሰጠሻትን ትታቀፋለች። ‹ይኼ የጎረቤት ነው› ብላ የመለሰች ዶሮ አላየሁም» አለች፣ በአጥሩ አሻግራ ወደ እኛ ቤት እያየች።

«የንብስ?»

«ወይ አንቺ ልጅ! የንብ እንቁላል ማን ሰጥቷት? ይልቅ ቆይ፣ ቆሎ ላምጣልሽ።»

ስትገባ እጄን ከዶሮዋ ሆድ ሥር ሰደድኩ። በአፏ ወጋችኝ። ቻልኩት። አስገባሁትና ቆሎዬን ይዤ፣ ጫጩት በስንት ቀን እንደሚፈለፈል ጠየቅኳት። «በሃያ አንድ ቀን» አለችኝ። ከዚያ ቀን ጀምሮ በየቀኑ ግድግዳችን ላይ በከሰል አንድ አንድ መስመር አሰምራለሁ፤ በየቀኑም እየሄድኩ «እትዬ፣ አልተፈለፈለም?» እላለሁ።

ዘጠነኛውን መስመር ባሰመርኩበት ቀን፣ ከሰዓት በኋላ፣ ጋሼ ዘነበ በአጥራችን ገባ። ባርኔጣ አላደረገም። ቀኝ እጁን ጨብጧል። እማማ ጫልቱ ጓሮ ውስጥ ቀፎ በእበት እየለሰኑ ነበር፤ እኔ ከእንጨቱ ክምር ኋላ እጫወታለሁ።

«እማማ» አለ። «ልታሰቅሉኝ ነው?»

ቀና አሉ። ከባርኔጣው ቀን ወዲህ ቃል ተለዋውጠው አያውቁም።

መዳፉን ገለጠላቸው። «ከዶሮዬ ሥር! አስካለ ጭዱን ልትቀይር ስታነሳት አገኘችው። አንድ ጥይት ቤቱ የተገኘበት ሰው ምን እንደሚደረግ እኔ ነኝ ለሰው የምተረጉመው። እኔው ራሴ! ማን ነው ያስቀመጠብኝ? ብዙነሽ ናት?»

«አላውቅም» አሉ። እውነታቸውን ነበር። ፊታቸው ግን አመድ መሰለ።

ጋሼ ዘነበ ወደ ቀፎዎቹ ዞረ። አንድ በአንድ ሲቆጥር ከንፈሩ ይንቀሳቀሳል። ሰባተኛው ላይ ሲደርስ ቆመ።

«እዚያ ንብ አይገባም፣ አይወጣም» አለ ቀስ ብሎ። «የማላይ መስሎዎታል? ያስተማሩኝ ባለቤትዎ ናቸው እኮ።»

«የእመት ቤት ነው።»

«ድሮም የእመት ቤት ነበር። ድሮ ግን ንብ ነበረበት።»

እጁን መልሶ ጨበጠ፣ ጥይቱን ኪሱ ከተተና ሄደ።

እማማ ጫልቱ ወደ እንጨቱ ክምር ሳይዞሩ «ብርቄ፣ ነይ» አሉኝ። አልመቱኝም፤ ቢመቱኝ ይሻለኝ ነበር። ሁሉን ነገርኳቸው፤ እንቁላሉን፣ ዶሮዋን፣ የቀረውን አሥራ ሁለት ቀን። «መንጋው እንዲሞላ ብዬ ነው» አልኩ። አፋቸው ተጣመመ፤ ሊስቁ ይሁን ሊያለቅሱ አልለየሁም። ከነእበት እጃቸው መሬት ላይ ዝርግፍ ብለው ተቀመጡ።

ወዲያው እትዬ ብዙነሽ ተጠራች። ስትሰማ ራሷን ያዘች።

«ዛሬውኑ እናውጣው እማማ! ያ ሰው ቢናገር እርስዎ ይሰቀላሉ፤ የእኛም ቤት ይቃጠላል!»

«በምን ይወጣል? መንገዱ ላይ ዘበኛ አለ። ከነገ ወዲያ አጨዳ ነው፤ ሰው ሁሉ የገብስ ነዶ ተሸክሞ ሲበተን፣ ያኔ በነዶው ውስጥ ወደ ጫካ ይወጣል። የመከርነው እንዲያ ነው።»

«እስከዚያ እሱ ዝም ይላል?»

«አላውቅም።»

«እንግዲያው ይሂዱና ‹ልጅ ናት ያስቀመጠችው› ይበሉታ።»

«ልጅቷ ከየት አመጣችው ሲለኝስ?»

እኔ ጥግ ይዤ ቀሚሴን እበላለሁ። የገባኝ አንድ ነገር ብቻ ነበር፤ እማማ ጫልቱ ሊሰቀሉ ነው፣ ጥፋቱም የኔ ነው። እንቁላል መስረቅ ይህን ያህል የከፋ ነገር መሆኑን ማን ነግሮኝ?

በማግስቱ ጠዋት ጤዛው ሳይደርቅ መጡ። ያየኋቸው እኔ ነኝ። «ንቡ ወጣ! ንቡ ወጣ!» ብዬ ጉሮሮዬ እስኪሰነጠቅ ጮህኩ። የጣሊያኑ ሹም ከፊት፣ ሁለት ወታደር አጠገቡ፣ ጋሼ ዘነበ ባርኔጣውን አድርጎ ከኋላ። እማማ ጫልቱን አላያቸውም፤ መሬት መሬቱን ነው የሚያየው።

«በዚህ ቤት ሰም ሲቀልጥ በር ይዘጋል ተብሏል» ብሎ ተረጎመ። «ለምን እንደሆነ ይጠይቃሉ።»

«ንቡ ሽታውን ተከትሎ እንዳይገባ» አሉ እማማ ጫልቱ።

ማን እንደተናገረብን እስከ ዛሬ አላውቅም። ያን ጊዜ ግን ሁላችንም ያየነው አንድ ሰው ብቻ ነበር። ቤቱን በረበሩት። እህሉን ወለል ላይ አፈሰሱት፣ መደቡን በሳንጃ ወጉት፤ ምንም አላገኙም። ሹሙ ወደ ጓሮ ወጣና በቀፎዎቹ እያመለከተ ወታደሮቹን «አፕሪቴ!» አላቸው፤ ክፈቱ ማለቱ ነው። አንደኛው ሁለት እርምጃ ሄዶ፣ ንቡ ጆሮው ሥር ሲል ተመለሰ። ሹሙ ጋሼ ዘነበን አየው። ጋሼ ዘነበ እጅጌውን ሰበሰበ።

ደረቅ እበት ለኮሰ። አንደኛውን ቀፎ ከፈተ፣ ጭሱን እፍ አለበት፣ እጁን እስከ ክርኑ አስገባ። የተኛ ልጅ እንዳይነቃበት የሚጠነቀቅ ሰው ይመስል ነበር። ንቡ በክንዱ ላይ ሄደ እንጂ አልነደፈውም። ባዶ እጁን አውጥቶ አሳየ። ሁለተኛውን። ሦስተኛውን። እማማ ጫልቱ እጄን ጨብጠው ይዘውኛል። አራተኛ፣ አምስተኛ፣ ስድስተኛ።

ሰባተኛውን ከመክፈቱ በፊት ኪሱ ገባና መሀረብ አውጥቶ ፊቱን ጠረገ፤ መሀረቡን መለሰ። ከዚያ ክዳኑን አነሳ። አንዲት ንብ አልወጣችም። ሹሙ ይኼን አይቶ አንድ እርምጃ ቀረበ።

ጋሼ ዘነበ እጁን አስገባ። እስከ ክርኑ፣ እስከ ትከሻው። እዚያ ቆየ። ቀና ሲል ዓይኑ እማማ ጫልቱ ላይ አረፈ። እሳቸውም አዩት።

«ዋይ! ዋይ እጄን!»

እጁን መንጭቆ አወጣ፣ ክዳኑን በክርኑ ገጭቶ ዘጋው፣ መዳፉን ብብቱ ሥር ቀብሮ ዞረ። እኔ በልቤ፣ ነደፈችው! አልኩ። እሷ ራሷ፣ እመት ወለላ!

ሹሙ ግን አላመነውም። አንድ ቃል ተናግሮ እጁን ዘረጋ። ለዚህስ አስተርጓሚ አያስፈልግም፤ አሳየኝ ነው። ጋሼ ዘነበ አልገለጠም። ግንባሩ ላብ ያፈልቃል።

እማማ ጫልቱ እጄን ለቀቁኝ።

«ልጄን! ልጄን ነደፉብኝ!» እያሉ ሮጡ። ስድስተኛው ቀፎ ጋ ሲደርሱ የተደናቀፉ መስለው በእጃቸው ደገፍ አሉ። እኔ አጭር ነኝ፣ ከታች ነኝ፤ ሌላው ያላየውን አየሁ። ከቀፎው አፍ አንዲት ንብ በክንፏ ይዘዋል። ነጠላቸውን በጋሼ ዘነበ ክንድ ላይ ጣሉ፣ እጁን ከብብቱ ሳቡት፣ «ትፍ! ትፍ!» እያሉ መዳፉን ማሸት ጀመሩ። እሱ ምን እንደያዙ አየ። እጁን አልሰበሰበም። ትከሻው ብቻ ትንሽ ሰበቅ አለ።

ነጠላውን ሲያነሱት መንደፊያው መዳፉ መሃል ቆሟል፤ ዙሪያው እያየነው ቀላ። ሹሙ ጎንበስ ብሎ ተመለከተ። አንደኛው ወታደር ክብሪት አውጥቶ ወደ ሰባተኛው ቀፎ ጠቆመ። ይቃጠል ማለቱ ነበር። እማማ ጫልቱ ዓይናቸውን ጨፈኑ። ጋሼ ዘነበ ፈጠን ብሎ ተናገረ፤ በደህናው እጁ ሁለተኛውን ቀፎ እያሳየ፣ ከንፈሩን እየላሰ። ምን እንዳለው አላውቅም። ሹሙ ይኼኔ ሳቀ። ለንቡ የተተወውን ማር በሳህን አስቆረጠና ወታደሮቹን ይዞ ወጣ።

ጋሼ ዘነበ ሊከተላቸው ሲል እማማ ጫልቱ እጁን አልለቀቁትም። በአውራ ጣታቸው ጥፍር መንደፊያውን ነቀሉለት። ነቅለው ጣታቸው ላይ አሳዩት። እሱም የወደቀ ባርኔጣውን ሳያነሳ ጎንበስ ብሎ ጉልበታቸውን ሳመ፤ ከዚያ ባርኔጣውን አንስቶ እየሮጠ ዳገቱን ወጣ።

ከሰዓት በኋላ ለነገው ሰሙን ልናወጣ ሄድን፤ እኔ ቅርጫት ያዥ ነኝ። እማማ ጫልቱ የሰባተኛውን ክዳን ሲያነሱ፣ ከድፍኖቹ ሁሉ በላይ፣ ሰም ያልነካው አንድ ወርቅማ ነገር ተቀምጧል። ቀይ የዶሮ ላባ፣ ጥፍር የምታህል፣ በኩስ ተጣብቃበታለች።

«አዩት?» አልኩ አዝኜ። «ሳይፈለፈል መለሰው።»

እማማ ጫልቱ ሳቁ። ክዳኑን ተደግፈው እንባቸው እስኪወርድ ሳቁ፤ ሳቁ የቱ ጋ አልቆ ለቅሶው የቱ ጋ እንደጀመረ ግን አላውቅም።

በደቦው ቀን ሰው ማጭዱን ይዞ ቆመ። እትዬ አስካለ በአጥሩ ቀዳዳ፣ እኔ በምሾልክበት፣ ጎንበስ ብላ ገባችና ከሁሉ ኋላ ቆመች። ጥሪው ተጀመረ። ያቺ የዝምታ ቦታ ደረሰች።

«የዘነበ ቤት!» አሉ እማማ ጫልቱ።

ሰው ሁሉ ዞረ። እትዬ ብዙነሽ አፏን ከፈተች፤ እማማ ጫልቱ ሲያዩዋት መልሳ ዘጋችው።

እትዬ አስካለ በመጀመሪያ ነጠላዋን አስተካከለች። ኋላ፣ «አለን፣ እመት» አለች። «እሱ እጁ አብጦ ነው የቀረ።»

«ሰምታለች» አሉ እማማ ጫልቱ።

የኛ ቤት ሲጠራ መልሱን እኔ ቀደምኩ፤ «አለን፣ እመት! አባቴ መንጋ ሊመልስ ሄዶ ነው!» ማንም አልሳቀብኝም።

ያን ቀን ከእትዬ አስካለ ኋላ ኋላ እየሄድኩ ቃርሚያ ለቀምኩ። ዓመት ሙሉ ያልሠራች ሰው እስክትመስል ነው የምታጭደው። ሥራው ሲያልቅ ከሁሉ የከበደውን ነዶ የሰጡት ለሷ ነው፤ በዘበኛው ፊት የአስተርጓሚውን ሚስት ሸክም የሚፈትሽ የለማ። እየሳቀች አለፈች። ከዚያ በፊት ግን፣ ገና ማሳው ውስጥ ሳለን፣ ማጭዷን ሳታቆም ጠራችኝ።

«ብርቄ።»

«አቤት እትዬ።»

«ሌላ ጊዜ የምታስታቅፊው ሲኖርሽ አስቀድመሽ ንገሪኝ። ዶሮዋን ጠጋ በይ እንድላት።»

እጄ ላይ ያለው ቃርሚያ ወደቀ። «አውቀሽ ኖሯል?»

«የንብ እንቁላል የጠየቀኝ ሌላ ማን አለ? እሱ ከእናንተ ጓሮ ተቆጥቶ ሲመለስ ነገርኩት። እህል ሳይቀምስ ተቀምጦ ቆየና፣ ‹ሊያሰቅሉኝ አልነበረም› አለኝ። ደጋግሞ። ‹አስካለ፣ ለካ ሊያሰቅሉኝ አልነበረም።›»

ነዶዋን ማሰር ጀመረች።

እናም ባለፈው ሳምንት፣ ገበያው ውስጥ ከመደቡ ጫፍ ስነሳ ሴትዮዋ ሰፈፉን በጋዜጣ ጠቅልላ ሰጠችኝ። ለምን እንደምፈልገው እኔም አላውቅም። ደግሞ ዓይኔ የት እንደሆነ አይታ፣ «ዶሮዋንም ልጨምርልዎ እማማ? ጥሩ ሥጋ አላት» አለችኝ።

«ትታቀፋለች?» አልኳት።